የቪዲዮ ተከላ እንደ ሥነ ጥበብ፤ ስለ ቦታና ስለ ተመልካች ከባሌ ደጋ አንጻር የቀረበ መግለጫ

1. ስለ ስሙና ስለ ፍቺው

ሥዕል በሸራ ወይም በግድግዳ ላይ፣ ቅርፅ በድንጋይ ወይም በእንጨት፣ ሲኒማ በጨለማ አዳራሽ ውስጥ በተዘረጋ አንድ መጋረጃ ላይ ይታያል። ከእነዚህ ከሦስቱም ጥቂት ጥቂት የወሰደ፣ ሆኖም ከአንዳቸውም ጋር አንድ ሊባል የማይችል የሥነ ጥበብ ዓይነት በ20ኛው ምዕት ዓመት በኋለኛው እኩሌታ ተነሥቷል። እርሱም በውጭ አገር ቋንቋ ቪዲዮ ኢንስታሌሽን የሚባለው ነው። ቪዲዮ በኤሌክትሪክ ኃይል የሚቀረጽና በስክሪን ወይም በግድግዳ ላይ የሚታይ ተንቀሳቃሽ ምስል ነው። ኢንስታሌሽን ማለትም አንድን ነገር በተመረጠ ስፍራ ማቆም፣ መትከል ማለት ነው። ስለዚህ ጠቅላላውን «የቪዲዮ ተከላ» ብሎ መተርጐም ከፍቺው አያርቅም።

«ተከለ» የሚለው ግስ በአማርኛ ለድንኳንም፣ ለሐውልትም፣ ለዛፍም፣ ለደብርም ይነገራል። በእነዚህም ሁሉ ስፍራው ከነገሩ ተለይቶ አይታሰብም። ሐውልት ከተተከለበት ቢነቀል ድንጋይነቱ አይቀርም፤ የሐውልትነቱ ትርጉም ግን ይጎድላል። የቪዲዮ ተከላም ጠባይ እንደዚሁ ነው። በሲኒማ ቤት ተመልካቹ ቁጭ ብሎ ወደ አንድ አቅጣጫ ያያል፤ መጀመሪያውና መጨረሻውም ለሁሉም አንድ ነው። በቪዲዮ ተከላ ግን ተመልካቹ ወደ ክፍሉ ይገባል፣ ይዘዋወራል፣ የቱን አስቀድሞ የቱን አስከትሎ እንደሚያይ ራሱ ይወስናል፤ ሲበቃውም ይወጣል። ምስሉ ብዙውን ጊዜ ሲያልቅ ከመጀመሪያው ይቀጥላል፤ ስለዚህ የመግቢያ ሰዓት የለውም። የስክሪኖቹ ብዛት፣ በመካከላቸው ያለው ርቀት፣ የክፍሉ ብርሃንና ጨለማ፣ ድምፁ የሚመጣበት አቅጣጫ፣ ይህ ሁሉ የሥራው አካል እንጂ የማሳያው መሣሪያ ብቻ አይደለም።

ከዚህ የሚከተለው ነገር በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። ስፍራውና ተመልካቹ የሥራው አካል ከሆኑ፣ ሥራው የት ቆሞ ለማን ይታያል የሚለው ጥያቄ ሥራው ካለቀ በኋላ የሚነሣ የአስተዳደር ጉዳይ ሊሆን አይችልም፤ የሥራው ዋና ነገር ነው። ይህ አሳብ በተለይ የሕዝብን ኑሮና ልማድ ለሚመዘግቡ ሰዎች ምን ያህል እንደሚጠቅም፣ በየትስ በኩል እንደሚያሰጋ ከዚህ በታች ይብራራል። አስቀድሞ የጥበቡ አነሣሥና ኢትዮጵያውያን የሠሩበት መንገድ ይነገራል፤ ቀጥሎም በሮቤ፣ በጎባና በባሌ ደጋ ምሳሌነት ነገሩ ይመረመራል። በጽሑፉ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

2. የጥበቡ አነሣሥ

ቴሌቪዥን በኤውሮፓና በአሜሪካ በየቤቱ በገባበት ዘመን፣ አንዳንድ ሠዓሊዎችና የሙዚቃ ሰዎች መሣሪያውን ከዜናና ከመዝናኛ ማሰራጫነት አውጥተው ለሌላ ተግባር ሊያውሉት አሰቡ። ከእነርሱ ዋነኛው በኮሪያ የተወለዱት ናም ጁን ፓይክ ናቸው። ፓይክ በ1963 በጀርመን አገር፣ ቩፐርታል በምትባል ከተማ፣ በፓርናስ የሥዕል አዳራሽ ከ10 የሚበልጡ ቴሌቪዥኖችን የውስጥ አሠራራቸውን ለውጠው በየስፍራው አኑረው አሳዩ። ቴሌቪዥን በኢትዮጵያ ሥራውን የጀመረው ከዚህ ከአንድ ዓመት በኋላ፣ በ1964 ነው። እንግዲህ ጥበቡ ለኤውሮፓም ቢሆን ጥንታዊ አይደለም።

እስከዚያ ጊዜ ድረስ ከቴሌቪዥን ጣቢያ ውጭ ለሚሠራ ሰው ተንቀሳቃሽ ምስል ለማንሣት አብዛኛውን ጊዜ ፊልም ያስፈልግ ነበር፤ ፊልሙም በኬሚካል ታጥቦ እስኪደርስ ድረስ የተነሣው ነገር አይታይም። በ1967 ሶኒ የተባለው የጃፓን ኩባንያ ፖርታፓክ የሚባለውን አንድ ሰው ሊሸከመው የሚችል የቪዲዮ ካሜራና መቅረጫ ለገበያ አወጣ። በዚህ መሣሪያ የተቀረጸው ነገር ወዲያው ይታያል፤ ከዚያም ይልቅ ካሜራው የሚያየውን በዚያው ቅጽበት በስክሪን ላይ ማሳየት ይቻላል። ተመልካቹ ራሱን በሥራው ውስጥ ሊያገኝ የቻለው በዚህ ምክንያት ነው።

የዚህ ዓይነት ሁለት ሥራዎች ብዙ ጊዜ ለምሳሌ ይጠቀሳሉ። አንደኛው ፓይክ በ1974 ያቀረቡት የቴሌቪዥን ቡድሃ ነው። የቡድሃ ምስል በቴሌቪዥን ፊት ተቀምጧል፤ ከቴሌቪዥኑ በላይ ያለው ካሜራ ምስሉን ይቀርጻል፤ ስለዚህ ሐውልቱ ሳያቋርጥ የራሱን መልክ ያያል። ሁለተኛው አሜሪካዊው ብሩስ ናውማን በ1970 የሠሩት ጠባብ መተላለፊያ ነው። በመተላለፊያው መጨረሻ ሁለት ቴሌቪዥኖች ተደራርበው ቆመዋል። በአንደኛው ላይ ባዶው መተላለፊያ ይታያል። በሌላው ላይ የሚገባው ሰው ይታያል፤ ነገር ግን ካሜራው በመግቢያው በኩል ከፍ ብሎ ስለ ተሰቀለ፣ ሰውዬው ወደ ቴሌቪዥኑ በቀረበ መጠን ከካሜራው ይርቃል፤ የሚያየውም የራሱን ጀርባ እያነሰ ሲሄድ ነው። ይህ ሥራ የሚራመድ ሰው ከሌለበት ምንም አይደለም። ተመልካቹ የሥራው አካል ነው የሚለው አባባል በዚህ ምሳሌ ጉልህ ሆኖ ይታያል።

ከዚያ በኋላ ምስልን በግድግዳ ላይ አጉልቶ የሚጥለው ፕሮጀክተር እየተሻሻለ ሲሄድ፣ ትንሹ የቴሌቪዥን ሣጥን ቀርቶ ክፍሉ በሙሉ ምስል ለመሆን ቻለ። አሜሪካዊው ቢል ቫዮላ በ1992 የሠሩት የናንት ሦስት ገጽ ሥራ ለዚህ ይጠቀሳል። በአንደኛው ገጽ አንዲት ሴት ስትወልድ፣ በሌላው የሠሪው እናት በሞት አፋፍ ሆነው፣ በመካከሉም አንድ ሰው በውኃ ውስጥ ሲንሳፈፍ ይታያል። ቅርጹ ከኤውሮፓ አብያተ ክርስቲያናት ባለ ሦስት ገጽ የመንበር ሥዕል የተወሰደ ነው። በዚህም አዲሱ መሣሪያ ከአሮጌው የሥዕል ሥርዓት ጋር እንዴት እንደ ተገናኘ ማየት ይቻላል።

3. ኢትዮጵያውያን የሠሩበት መንገድ

ሦስት ገጽ ያለው፣ የሚዘጋና የሚከፈት የእንጨት ሥዕል ለኢትዮጵያ ባዕድ አይደለም። በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመነ መንግሥት (1434–1468) የነበረው ሠዓሊ ፍሬ ጽዮን፣ ከእርሱም በኋላ የተነሡ ብዙ ሠዓልያን፣ እመቤታችንን በመካከለኛው ገጽ፣ መላእክትንና ቅዱሳንን በግራና በቀኝ አድርገው የመሣል ልማድ ነበራቸው። ክብ በሆኑት አብያተ ክርስቲያናት ደግሞ የመቅደሱ ግድግዳ በአራቱም ማዕዘን በሥዕል ይሸፈናል፤ ምእመኑም ታሪኩን የሚረዳው እየዞረ ነው። አንድ ሰው በአንድ ስፍራ ቆሞ ሁሉን ሊያይ አይችልም።

በቪዲዮ ተከላ ስማቸው ከታወቀ ኢትዮጵያውያን አንዷ በአሜሪካ በዌልስሊ ኮሌጅ ለብዙ ዓመታት ያስተማሩት ሳሌም መኩሪያ ናቸው። እርሳቸው አስቀድመው በአንድ ስክሪን የሚታዩ ፊልሞችን ሠርተዋል፤ ከእነርሱም መካከል በ1997 የወጣው «የወንዝ ማዕበል» በአብዮቱ ዘመን ወንድማማችና ጓደኛማማች ተለያይተው ስለ ተላለቁበት ነገር የሚናገር ነው። ከዚያ በኋላ ወደ ሦስት ስክሪን ተሻገሩ። በ2003 በቬኒስ ቢየናሌ የታየው ሥራቸው ርእሱ ስብራትን የሚያመለክት ሲሆን፣ ብዙ ገጽ ያለው ታሪክ የሚል ማብራሪያ ተጨምሮበታል። በሦስት ጎን ለጎን ስክሪኖች የሚታየው ይህ ሥራ የቤተ ክርስቲያኑን ሦስት ገጽ ሥዕል ያስታውሳል። ልዩነቱ ግን መታወቅ አለበት። በሃይማኖት ሥዕል መካከለኛው ገጽ ሥልጣን አለው፤ የግራና የቀኙ ለእርሱ አጃቢ ናቸው። በቪዲዮው ግን ሦስቱ ገጾች ሥልጣኑን ይቀባበሉታል፤ ዓይን አንዱን ሲከተል ሌላው ያመልጠዋል።

ሁለተኛው በለንደን የተወለዱት ቴዎ እሸቱ ናቸው። ስለ አክሱም ሐውልት መመለስ በ2009 ያቀረቡት ሥራ 15 ስክሪኖች ያሉት ነው። ስክሪኖቹ የተደረደሩት የንግሥተ ሳባን ታሪክ በብዙ ሣጥኖች ከፋፍሎ የሚያሳየውን በኢትዮጵያ የተለመደ የሸራ ሥዕል እንዲያስታውሱ ሆነው ነው። ሐውልቱ በ1937 በፋሽስት ኢጣልያ ወደ ሮማ ተወስዶ፣ ለቅኝ ግዛት ጉዳይ ተብሎ ለታሰበው ሚኒስቴር ሕንፃ ቅርብ በሆነ አደባባይ ቆሞ ነበር። በ2005 በሦስት ተከፍሎ በአውሮፕላን ተመለሰ፤ በ2008 በአክሱም ዳግመኛ ተተከለ። ቁመቱ 24 ሜትር ያህል ነው። ድንጋዩ በሮማም በአክሱምም ያው ነበር፤ በሮማ ግን የድል አድራጊ ምልክት፣ በአክሱም የነገሥታት መታሰቢያ ነው። ስለ ተነቀለና ስለ ተተከለ ሐውልት የተሠራ ሥራ ራሱ የተከላ ሥራ መሆኑ የዚህን ጥበብ ጠባይ ከረጅም ትርጓሜ ይልቅ ያስረዳል።

ሦስተኛው በአዲስ አበባ ተወልደው በኒው ዮርክ የሚሠሩት ዕዝራ ውቤ ናቸው። እርሳቸው ሥዕልን ሥለው፣ ፎቶግራፍ አንሥተው፣ ያንኑ ሥዕል ለውጠው እንደ ገና በማንሣት ተንቀሳቃሽ ምስል ያደርጉታል። በ2011 የሠሩት «ሒሳብ» በከተማ ሰው አፍ የሚነገረውን የአህያን፣ የውሻንና የፍየልን ተረት መነሻ ያደረገ ነው። ሦስቱ ታክሲ ተሳፈሩ፤ አህያ ከፍሎ ወረደ፣ ውሻ ከፍሎ መልስ ሳይሰጠው ቀረ፣ ፍየል ሳትከፍል አመለጠች፤ ስለዚህ መኪና ሲመጣ አህያ አይነቃነቅም፣ ውሻ እየጮኸ ይከተላል፣ ፍየል ትሸሻለች። ዕዝራ ውቤ በ2015 መጨረሻ የተጀመረውን የአዲስ ቪዲዮ አርት ፌስቲቫል መሥርተዋል። በዚህ ዝግጅት የቪዲዮ ሥራዎች በአዲስ አበባ ሕዝብ በሚገኝባቸው ስፍራዎችም ታይተዋል። ይህም የተመልካቹን ጥያቄ ወደ ፊት ያመጣ ነው፤ ከመንገድ የሚያልፍ ሰው ወደ ሥዕል ቤት ከሚገባው ሰው ይለያልና።

እነዚህ ሦስት ሠሪዎች መሣሪያውን ከውጭ ተቀበሉ፤ አደራደሩን ግን አንዷ ከሦስት ገጽ ሥዕል፣ ሁለተኛው ከሸራ ታሪክ ሥዕል፣ ሦስተኛው ነገሩን ከአፍ ተረት ወሰዱ። ስለዚህ ጥበቡን በሙሉ የፈረንጅ ነገር ብሎ መተው ከማስረጃው ጋር አይስማማም። ይሁን እንጂ ከሥራዎቹ አብዛኞቹ በብዛት የታዩት በውጭ አገር አዳራሾች፣ ቢበዛም በዋና ከተማው ነው። ከዋና ከተማው ርቆ የሚገኝ የገጠር አውራጃ የምስሉ ምንጭ እንጂ የማሳያው ስፍራ የመሆን ዕድል ያገኘው ጥቂት ነው።

4. በባሌ በእግር የሚታወቁ ስፍራዎች

የባሌ ደጋ ለዚህ ጥያቄ መልካም መመርመሪያ ነው። የሮቤ ከተማ በሰፊው የስንዴና የገብስ ሜዳ ላይ ትገኛለች፤ የቀድሞው ጠቅላይ ግዛት ዋና ከተማ የነበረችው ጎባ ከእርሷ 14 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በተራራው ግርጌ ተቀምጣለች። ከጎባ ወደ ዶሎ መና የሚወስደው መንገድ 4,000 ሜትር ያህል ከፍታ ባለው በሳነቴ አምባ ላይ ያልፋል። ከዚያ አጠገብ የሚታየው ቱሉ ዲምቱ 4,377 ሜትር ነው። መንገዱ ከአምባው ወርዶ ወደ ሐረና ደን ይገባል፤ ከደኑም ወደ ቆላው ይደርሳል። አንድ መንገደኛ ከጥዋት እስከ ማታ ውርጭን፣ ጭጋግን፣ የጫካ ቡናንና የቆላ ሙቀትን ተራ በተራ ያያል። በሦስቱም ስፍራ ያለው ኑሮ ግን በአንድ ሰዓት አብሮ የሚካሄድ ነው። ተራ በተራ የሚያየው መንገደኛው ብቻ ነው።

በእግር እየሄዱ የሚረዱት ስፍራ ለባሌ ሕዝብ አዲስ ነገር አይደለም። የወይብ ወንዝ ከባሌ ተራሮች ወርዶ በሮቤ ምሥራቅ በኩል በሶፍ ዑመር ዋሻ ውስጥ ያልፋል። የዋሻው መተላለፊያ 15 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን፣ ብዙ በሮችና እንደ ምሰሶ የቆሙ ድንጋዮች አሉት። በአንድ ስፍራ ቆሞ ዋሻውን አየሁ ማለት አይቻልም። ከዚያም ርቆ የሚገኘው ድሬ ሼክ ሁሴን በየዓመቱ እጅግ ብዙ ሕዝብ ከሩቅ የሚሳለመው ስፍራ ነው። ተሳላሚዎቹ ጫፉ እንደ መንታ ቅርንጫፍ የተከፈለ በትር ይዘው፣ ባህሮ የሚባለውን የውዳሴ ዜማ እያዜሙ፣ በኖራ የነጡትን መቃብሮች በሥርዓት እየዞሩ ይሳለማሉ። የሥርዓቱ ትርጉም በስፍራዎቹ ተራ፣ በተሳላሚው ርምጃና በድምፁ አንድነት የሚገኝ ነው።

ይህ ማመሳሰል በልክ ሊሆን ይገባል። ሥርዓተ አምልኮ ትርኢት አይደለም፤ ተሳላሚም ተመልካች አይደለም። ማመሳሰሉ የሚያስረዳው አንድ ነገር ብቻ ነው። በአንድ ስክሪን፣ በአንድ ተራ፣ በአንድ ተናጋሪ ድምፅ የሚቀርብ ፊልም እንደ ድሬ ሼክ ሁሴን ያለውን ስፍራ ሲያሳይ፣ መዞርን ወደ መቀመጥ፣ ብዙ ድምፅን ወደ አንድ ድምፅ መለወጡ አይቀርም። በዚህ ለውጥ የሚጠፋው ነገር ብዙ ነው፤ የጠፋውንም ነገር ፊልሙን ብቻ ያየ ሰው ሊያውቅ አይችልም።

5. የጎዳንቱ ምሳሌ

የቪዲዮ ተከላ ለሕዝብ ኑሮ ምዝገባ ምን ሊያደርግ እንደሚችል ለማየት በባሌ ኦሮሞች ዘንድ «ጎዳንቱ» የሚባለውን የከብት ዝውውር መውሰድ ይቻላል። በዚህ ልማድ መሠረት ከብት እንደ ወቅቱ ሁኔታ በደጋው ግጦሽ፣ በደኑና በቆላው መካከል ይመላለሳል። እህል በማሳ ላይ ባለበት ጊዜ ከብቱን ከማሳው ማራቅ ያስፈልጋል፤ በበጋ ደግሞ ጥላና ሣር ወዳለበት መሄድ ግድ ነው። ከብቱ ለጤናው የሚያስፈልገውን ጨውነት ያለው ውኃ ለመጠጣት ሆራ ወደሚባሉት ምንጮችም ይነዳል።

ይህ ዝውውር ከባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ጋር የሚገናኝበት በኩል አለ። ፓርኩ በ1970 ገደማ የተመሠረተ፣ ስፋቱም 2,150 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል የሆነ፣ በ2023 በዓለም ቅርስ መዝገብ የገባ ነው። በዓለም ላይ ከቀሩት ቀይ ቀበሮዎች ከእኩሌታ የሚበልጡት የሚኖሩት በባሌ ነው። በፓርኩ ውስጥ ያለው ግጦሽና ሰፈራ ለብዙ ዓመታት ሲያከራክር ኖሯል። አንዱ ወገን አውሬውና ሣሩ እንዳይጠፋ ይሟገታል፤ ሌላው ወገን አባቶቹ ከብት የነዱበትን መንገድ ያስታውሳል። በዚህ ጉዳይ ላይ በአንድ ስክሪን ፊልም የሚሠራ ሰው ከሁለቱ አንዱን ማስቀደም፣ አንዱን ማስከተል አለበት። በፊልም ልማድ በመጨረሻ የተናገረው ሰው የረታ ይመስላል። ፊልም ሠሪው ለማዳላት ባያስብ እንኳ የመሣሪያው ተራ ያዳላበታል።

በሦስት ስክሪን የሚሠራ ተከላ ይህን ችግር በሌላ መንገድ ይይዘዋል። በአንደኛው ስክሪን የሳነቴ አምባ፣ በሁለተኛው ሆራው፣ በሦስተኛው የሐረና ደን ቢሆን፣ መንገደኛው ተራ በተራ የሚያየው ኑሮ በአንድ ጊዜ አብሮ ይታያል። የምስሎቹ ርዝመት እኩል እንዳይሆን ቢደረግ ደግሞ የበለጠ ነገር ይገኛል። ለምሳሌ አንደኛው 12 ደቂቃ፣ ሁለተኛው 17፣ ሦስተኛው 23 ደቂቃ ቢሆንና እያንዳንዱ ሲያልቅ ወዲያው ቢጀምር፣ ሦስቱ አብረው ከጀመሩ በኋላ እንደ ገና አብረው የሚጀምሩት ከ4,692 ደቂቃ፣ ማለት ከ78 ሰዓት ከ12 ደቂቃ በኋላ ነው። በዚህ መካከል የሚገቡ ሁለት ሰዎች በተለያየ ሰዓት ከመጡ ተመሳሳይ የምስል ግጥምጥሞሽ አያገኙም። እረኛው ሲናገር በአንዱ ተመልካች ዓይን ፊት ቀይ ቀበሮ ይታያል፤ በሌላው ፊት የደረቀ ሣር፣ በሦስተኛውም ፊት ከሆራው የሚጠጣ ከብት ይታያል። የመጨረሻውን ቃል የሚወስድ ተናጋሪ የለም።

6. ስለ ጉድለቱና ስለ አደጋው

ይሁን እንጂ ይህ ጥቅም ብቻውን ቢነገር ምስክርነቱ ጎደሎ ይሆናል። አንደኛ፣ ሁለት ወገኖች በእኩል ስክሪን መታየታቸው በእውነት እኩል ናቸው ማለት አይደለም። ሕግና መዝገብ ያለው መሥሪያ ቤትና የቃል ልማድ ብቻ ያለው ከብት አርቢ ጎን ለጎን ቢቀርቡ፣ የአደራደሩ ውበት በመካከላቸው ያለውን የሥልጣን ልዩነት ሊሸፍነው ይችላል። ብዙ ገጽ ያለው ሥራ ፍርድን ለተመልካቹ ይተዋል፤ ሠሪው ግን ማወቅ የሚገባውን ከማወቅ ነጻ አይወጣም።

ሁለተኛ፣ የቪዲዮ ተከላ ለማሳየት እንጂ ለማስረዳት ብርቱ አይደለም። ኦሮምኛ የማያውቅና የባሌን ምድር ያልረገጠ ሰው ከእረኛው ንግግር ዜማውን፣ ከአምባው ጭጋጉን ብቻ ይዞ ይመለሳል። ስለዚህ ለጥናት የሚሠራ ተከላ ምስሉ መቼና የት እንደ ተቀረጸ፣ ማን እንደ ተናገረ፣ ንግግሩም በሙሉ ሲተረጐም ምን እንደሚል ከሚገልጽ ጽሑፍ ተለይቶ መኖር የለበትም። ጽሑፉ በክፍሉ ውስጥ ሳይለጠፍ ሊቀር ይችላል፤ በመዝገብ ውስጥ ግን መገኘት አለበት።

ሦስተኛ፣ የተቀራጮቹ ፈቃድ ነው። ለአንድ ካሜራ ፊት መቆምን የፈቀደ ሰው፣ መልኩ በሰው ቁመት ልክ ተጎልቶ በማያውቀው አገር ቀንና ሌሊት ሳያቋርጥ እንዲታይ ፈቅዷል ለማለት አይቻልም። በቅዱሳን መቃብር ስፍራ ደግሞ የጠባቂዎቹ ፈቃድ ይቀድማል፤ ሊቀረጽ የማይገባው ነገር የቱ እንደ ሆነ የሚወስኑት እነርሱ ናቸው።

አራተኛ፣ የመሣሪያው ዕድሜ ነው። የቪዲዮ ክር ከጥቂት ዐሥርተ ዓመታት በኋላ ይበላሻል፤ የቀድሞዎቹ ወፍራም ቴሌቪዥኖች መሠራታቸው ቀርቷል፤ የዛሬው የኮምፒዩተር ፋይልም ነገ የሚያነበው መሣሪያ ላያገኝ ይችላል። ስለዚህ በዚህ ጥበብ የሚጠበቀው ቅርስ ዕቃው ብቻ አይደለም፤ ስክሪኖቹ እንዴት እንደሚቆሙ፣ በምን ያህል ርቀት፣ በምን ብርሃንና ድምፅ እንደሚታዩ የሚናገረው የተከላ መመሪያም አብሮ ይጠበቃል። የዜማ ምልክት በብራና ላይ ቢጻፍም ዜማው በመምህሩ አፍ ካልተሰማ ሙሉ እንደማይሆን፣ እዚህም መመሪያውና ሥራውን አንድ ጊዜ ተክሎ ያየ ሰው አብረው ያስፈልጋሉ።

7. ስለ ማሳያው ስፍራ

ከላይ የተነገረው ሁሉ ወደ አንድ ጥያቄ ይመለሳል። ስለ ጎዳንቱ የተሠራ ተከላ በቬኒስ ወይም በአዲስ አበባ ቢታይ ተመልካቹ እንግዳ ነው፤ የሚያየውን ይቀበላል እንጂ ሊያርም አይችልም። ያው ሥራ በሮቤ በገበያ ቀን ቢተከል፣ ከሚገቡት ሰዎች መካከል ሆራውን በስሙ የሚያውቅ፣ የከብቱን ዓይነት የሚለይ፣ ምናልባትም የተናጋሪው ጎረቤት የሆነ ይገኛል። ይህ ሰው ምስሉ የተነሣው በበጋ ሆኖ ሳለ እንደ ክረምት ቀርቦ ከሆነ ይናገራል፤ አንድ መንገድ ከቀረ፣ አንድ ወገን ሳይጠየቅ ታልፎ ከሆነ ያመለክታል። እንግዲህ በባሌ የሚደረገው ትርኢት ለሕዝቡ የሚሰጥ ስጦታ ተደርጎ መቆጠር የለበትም፤ የምስክርነቱ መፈተኛ ነው። ያለዚያ ፈተና የቀረ ሥራ በውበቱ ቢመሰገንም በማስረጃነቱ ሊታመን አይገባም።

የሚያስፈልገው ነገርም ከአቅም በላይ አይደለም። ብርሃን የማይገባበት አንድ አዳራሽ፣ ሦስት ፕሮጀክተሮች፣ ሦስት የተወጠሩ ነጭ ጨርቆች፣ የኤሌክትሪክ ኃይል ሲቋረጥ የሚተካ ጄኔሬተር ይበቃሉ። በሮቤ የመዳ ወላቡ ዩኒቨርሲቲ ይገኛል፤ በጎባም ትምህርት ቤቶች አሉ። ከደጋው ብርድ ወደ ሞቀ ክፍል የገባ ካሜራና ፕሮጀክተር በመስተዋቱ ላይ እርጥበት ስለሚይዝ፣ ከመከፈቱ በፊት በከረጢቱ እንዳለ ጥቂት ሰዓት ማቆየት ያስፈልጋል። ተመልካቾች የተናገሩት እርማት በዚያው በድምፅ ተቀርጾ ከመጀመሪያው ምስል ጋር ቢቀመጥ ደግሞ፣ ሥራው በሚቀጥለው ጊዜ ሲተከል ተሻሽሎ ይቆማል። ይህ ለሲኒማ ፊልም አስቸጋሪ ነው፤ በየጊዜው አዲስ ሆኖ ለሚተከል ሥራ ግን ቀላል ነው።

የሕዝብን ልማድ በማጥናት ሥራ ምስልና ድምፅ መቅረጽ ከተጀመረ ብዙ ዘመን ሆኖታል፤ የተቀረጸውም ነገር በአብዛኛው በሩቅ አገር መዝገብ ቤቶች ተከማችቶ ቀርቷል። የቪዲዮ ተከላ ስለ ጠባዩ ስፍራን የሚጠይቅ ጥበብ በመሆኑ፣ ይህን የቆየ ልማድ እንዲመረመር ያስገድዳል። አጥኚው ሥራውን ሲያቅድ ካሜራውን በየት እንደሚያቆም እንደሚያስብ ሁሉ፣ ስክሪኑንም በየት እንደሚተክል በዚያው ቀን ሊያስብና በዕቅዱ ውስጥ ሊጽፈው ይገባል። በባሌ ደጋ የተቀረጸ ነገር ከሆነም፣ ከመጀመሪያዎቹ ስፍራዎች አንዱ ሮቤ ወይም ጎባ ሊሆን ይገባል።